የትኛዋን ሲንደሬላ? ከጥንቷ ግብፅ እስከ ፓሪስ የተተረቱ ቅጂዎች፣ ለማን የትኛው እንደሚስማማ

ሲንደሬላን ለልጅ ለማንበብ፣ ለክፍል ውይይት ለማቅረብ ወይም መድረክ ላይ ለማውጣት የሚፈልግ ሰው ብዙውን ጊዜ መጀመሪያ እጁ የገባውን መጽሐፍ ይዞ ይሄዳል። እጁ የሚገባውም ያው አንዱ ነው፦ ዱባው ሠረገላ ይሆናል፣ ሰዓቱ እኩለ ሌሊትን ይደውላል፣ የመስታወት ጫማ ይወድቃል። ይህ ቅጂ ምንም ነውር የለበትም። ነገር ግን ከብዙዎቹ አንዱ ብቻ ነው፤ በዕድሜም ቢሆን ከታናናሾቹ ይመደባል። ማሪያን ሮልፍ ኮክስ የተባለች እንግሊዛዊት በ1893 ባሳተመችው ጥናት ተረቱን ከቅርብ ዘመዶቹ ጋር አድርጋ 345 ቅጂዎችን ሰብስባ አነጻጽራለች። (እዚህ የሚጠቀሱት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።) ከእነዚህ መካከል ለአራት ዓመት ልጅ የሚሆን አለ፤ አዋቂን እንቅልፍ የሚነሳም አለ። ስለዚህ ሳይመርጡ ማንሳት አይገባም።

ከጫማው ይልቅ ምኑን እንይ

ለማወዳደር የተነሳ ሰው ዓይኑ ቶሎ የሚያርፈው ጫማው ላይ ነው። ወርቅ ነው ወይስ መስታወት? ነጠላ ጫማ ነው ወይስ ሽፍን? እኔ ግን ጫማው ለምርጫ ብዙም አይረዳም ባይ ነኝ። ጫማው ባለበት ሁሉ የሚሠራው ሥራ አንድ ነው፤ ተሸሽጋ የኖረችውን ልጅ ማንነት ይገልጣል። ቅጂዎቹን እርስ በርስ የሚለያያቸው ሌላ ነገር ነው። ልጅቱን የሚረዳት ማን ነው? እርዳታውስ የሚመጣው ከየት ነው፤ ከሞተች እናት፣ ከእንስሳ፣ ከዛፍ ወይስ ድንገት ብቅ ካለች እንግዳ? ይህ መጀመሪያ የሚጠየቅ ነው። ቀጥሎ የሚጠየቀው በደለኞቹ መጨረሻቸው ምን እንደሆነ ነው፤ ይቅር ይባላሉ፣ ዝም ይባላሉ ወይስ ይቀጣሉ? አንድ መጽሐፍ ለእነዚህ ሁለት ጥያቄዎች የሚሰጠውን መልስ ያወቀ ሰው ለማን እንደሚያነበው ወዲያው ይገባዋል።

አንድ ነገር አስቀድሜ ልበል። «ትክክለኛው የመጀመሪያው ሲንደሬላ የትኛው ነው?» የሚለው ጥያቄ መልስ የለውም። ጥንታዊ የሆነው በጽሑፍ ቀድሞ የሰፈረው እንጂ ቀድሞ የተተረተው አይደለም። በአፍ የተላለፈ ተረት ልደቱን የሚመሰክርለት ሰነድ አይገኝለትም። ምሁራንም ተረቱ ከአንድ ቦታ ተነስቶ ተጓዘ ወይስ በየቦታው ለየብቻው ተወለደ በሚለው ዛሬም አልተስማሙም። ስለዚህ «የመጀመሪያው ይህ ነው» ብሎ ሽፋኑ ላይ የሚፎክር መጽሐፍ ሲያጋጥም በጥርጣሬ ማየት ይገባል።

የግብፁ ሮዶፒስ፦ ለታሪክ ወዳድ

በጽሑፍ ከተገኙት ሁሉ የሚቀድመው ግሪካዊው የመልክዓ ምድር ጸሐፊ ስትራቦ ያሰፈረው ነው። ስትራቦ የኖረው በክርስቶስ ልደት አካባቢ ነበር። ስለ ግብፅ ፒራሚዶች ሲጽፍ ከሦስቱ ትንሹ ስለሚባለው አንድ ተረት ጣል ያደርጋል። ሮዶፒስ የተባለች ሴት ገላዋን ስትታጠብ ንስር ይመጣና ከአገልጋይዋ እጅ አንደኛውን ነጠላ ጫማ ነጥቆ ወደ ሜምፊስ ይበራል። ንጉሡ በአደባባይ ተቀምጦ ፍርድ እየሰጠ ነበር። ንስሩ በራሱ ላይ ያንዣብብና ጫማውን ጭኑ ላይ ይጥለዋል። ንጉሡ በጫማው ቅርጽ ማማርና በነገሩ እንግዳነት ተገርሞ ባለቤቷን የሚፈልጉ ሰዎች በአገሩ ሁሉ ይልካል። በናውክራቲስ ከተማ ትገኛለች፤ ሚስቱ ትሆናለች፤ ስትሞትም በዚያ ፒራሚድ ትቀበራለች። አለቀ።

የጎደለውን ልብ ይሏል። የእንጀራ እናት የለችም፣ አመድ የለም፣ በደል የለም፣ ግብዣም የለም። ጫማና ንጉሥ ብቻ ናቸው ያሉት። ዛሬ በልጆች መጻሕፍት ውስጥ የምናገኛት፣ ሌሎች አገልጋዮች የሚፌዙባትና የሚበድሏት ባሪያ ሮዶፒስ በዘመናችን ተራኪዎች የተስፋፋች እንጂ ስትራቦ የጻፋት አይደለችም። እነዚህ መጻሕፍት ሥዕላቸው ያማረ ሊሆን ይችላል፤ ለክፍል የሚመርጣቸው መምህር ግን «የጥንት ግብፃውያን እንዲህ ይተርቱ ነበር» ብሎ ለተማሪ ከመናገር ቢቆጠብ ደግ ነው።

ለትልልቅ ተማሪዎች ግን ሮዶፒስ ከሌሎቹ የማይገኝ ነገር ትሰጣለች፤ ተረት በእውነተኛ ሰው ላይ ሲለጠፍ ማየት ይቻላል። ከስትራቦ አራት መቶ ዓመት ያህል ቀድሞ የጻፈው ሄሮዶቱስ ሮዶፒስን ያውቃታል። በትውልድ ትራቂያዊት ናት፤ የሳሞስ ሰው የያድሞን ባሪያ ሆና ከባለ ተረቱ ከኤዞፕ ጋር በአንድ ጌታ ሥር ነበረች። ወደ ግብፅ ተወስዳ በመልኳ ትነግድ ነበር፤ የባለቅኔዋ የሳፎ ወንድም ካራክሶስ ብዙ ገንዘብ ከፍሎ ነጻ አወጣት። ከሀብቷ አንድ አሥረኛውን በሬ የሚጠበስባቸው የብረት ዘንጎች አሠርታ ለዴልፊ ቤተ መቅደስ ሰጠች። ሄሮዶቱስ የፒራሚዱን ወሬ ሰምቶ አይቀበለውም፤ እንዲያ ያለ ሕንፃ የሚጠይቀውን ወጪ እሷ ልትችለው አትችልም ይላል። በእሱ ዘመን ንስሩም ጫማውም አልነበሩም። በስትራቦ ጊዜ ግን ደርሰዋል። ቆየት ብሎ ኤሊያን የተባለ ጸሐፊ ያንኑ ታሪክ ሲደግመው ንጉሡን ፕሳሜቲኮስ ብሎ ስም ሰጠው። ተረት እንዴት እንደሚያድግ በሰነድ የሚታይበት እንዲህ ያለ ዕድል ብርቅ ነው። ለትንንሽ ልጆች ግን አልመክረውም፤ የሚያዝኑላት ልጅ የለችበትም።

የቻይናዋ ዬ ሺየን፦ እኔ የማስቀድማት

አንድ ብቻ ምረጥ ብባል የምመርጠው ይህን ነው። ዱዋን ቼንግሺ የተባለ የታንግ ዘመን ጸሐፊ በ9ኛው ክፍለ ዘመን አጋማሽ ባዘጋጀው የልዩ ልዩ ጽሑፎች ስብስብ ውስጥ ይገኛል። ተረቱን የነገረው ከደቡብ ቻይና የዋሻ ሰዎች ወገን የሆነ፣ ቀድሞ በቤቱ ያገለግል የነበረ ሰው እንደሆነ ጸሐፊው ራሱ ይመሰክራል። ከአውሮፓ ቅጂዎች ሁሉ በብዙ መቶ ዓመታት ይቀድማል፤ ሆኖም የሚያነበው ሰው የሚያውቀውን ተረት ወዲያው ይለየዋል።

ዬ ሺየን እናቷ ሞታ፣ ቀጥሎም አባቷ ሞቶ ከእንጀራ እናቷ ጋር ትቀራለች። ሴትዮዋ አደገኛ ቦታ እንጨት እንድትለቅም፣ ከጥልቅ ጉድጓድ ውኃ እንድትቀዳ ትልካታለች። አንድ ቀን ውኃ ስትቀዳ ቀይ ክንፍና የወርቅ ዓይን ያላት ሁለት ጣት የምታህል ዓሣ ትይዝና በሳህን ውኃ ውስጥ ታሳድጋታለች። ዓሣዋ በየቀኑ ትልቃለች። ልጅቱ ዕቃ እየለወጠች ስታዘዋውራት ትቆይና መያዣ ሲጠፋ ከቤቱ ጀርባ ካለው ኩሬ ትጨምራታለች። ከምግቧ የተረፈውን ትወረውርላታለች። ልጅቱ ስትመጣ ዓሣዋ ወጥታ ጭንቅላቷን ዳርቻው ላይ ታንተርሳለች፤ ሌላ ሰው ሲመጣ ግን ብቅ አትልም።

የእንጀራ እናቲቱ ይህን ትደርስበታለች። ደጋግማ ብታደፍጥም ዓሣዋ አትወጣላትም። ስለዚህ ዘዴ ታበጃለች። «ደክሞሽ የለም? አዲስ ልብስ አሠርቼልሻለሁ» ብላ አሮጌውን ልብስ ታስወልቃትና ሩቅ ወዳለ ምንጭ ትልካታለች። ከዚያ ያን አሮጌ ልብስ ራሷ ትለብሳለች፤ ስለታም ቢላ እጅጌዋ ውስጥ ደብቃ ኩሬው ዳር ቆማ ትጣራለች። ዓሣዋ የምታውቀውን ልብስ አይታ ጭንቅላቷን ታወጣለች። በዚያች ቅጽበት ትቆረጣለች። ሴትዮዋ ሥጋዋን ትበላለች፤ ከሌላ ዓሣ እጥፍ ይጣፍጣል ይላል ጽሑፉ። አጥንቱን ከፍግ ክምር ሥር ትቀብራለች።

ይህ ትዕይንት በየትኛውም የአውሮፓ ቅጂ ውስጥ አቻ አላየሁለትም። ልጅቱ የተነጠቀችው ልብስ ወይም ግብዣ አይደለም፤ የምትወደው ብቸኛ ፍጡር ነው። የተነጠቀችውም በራሷ ልብስ ነው። ልጆች ይህን ሲሰሙ የሚጠይቁት ስለ ዓሣዋ እንጂ ስለ ንጉሡ አይደለም።

ከዚያ በኋላ ያለው በፍጥነት ይሄዳል። ፀጉሩ የተንጨባረረ፣ ሻካራ ልብስ የለበሰ ሰው ከሰማይ ወርዶ አጥንቱ የት እንዳለ ይነግራታል፤ ደብቃ አስቀምጣ የፈለገችውን እንድትለምነው ይመክራታል። የበዓሉ ዕለት የእንጀራ እናቷ የግቢውን ፍሬ እንድትጠብቅ ትታት ትሄዳለች። ልጅቱ በዓሣ አጥማጅ ወፍ ላባ የተሠራ ካባና የወርቅ ጫማ አድርጋ ትከተላለች። የእንጀራ እህቷ ስታያት ትጠራጠራለች፤ እሷም ስትሸሽ አንዱን ጫማ ትጥላለች። የእንጀራ እናቲቱ ቤት ስትደርስ ልጅቱን በግቢው ዛፍ ላይ ክንዷን ጠምጥማ ተኝታ ታገኛታለችና ጥርጣሬዋን ትተዋለች። ጫማው ተሸጦ ብዙ ደሴቶችን ከሚገዛው የቱዎሃን ንጉሥ እጅ ይገባል። እንደ ፀጉር የቀለለ፣ ድንጋይ ላይ ሲረገጥ እንኳ ድምፅ የማያሰማ ጫማ ነው፤ በግዛቱ ያሉ ሴቶች ሁሉ ይሞክሩታል፣ ለአንዷም አይሆንም። በመጨረሻ ዬ ሺየን ትገኛለች።

የመረጥኩት ግን ከሠርጉ በኋላ ባለው ነው። ንጉሡ ስስታም ይሆናል። የዓሣዋን አጥንት ዓመቱን ሙሉ ዕንቁና ጌጥ ሲለምን ይከርማል፤ በሚቀጥለው ዓመት አጥንቱ ዝም ይላል። ባሕር ዳር ከዕንቁ ጋር ይቀብረዋል፤ ኋላ ወታደሮች ሲያምፁ ሊያወጣው ቢያስብም አንድ ሌሊት ማዕበል ጠርጎ ይወስደዋል። የእንጀራ እናትና ልጅዋ በሚወነጨፍ ድንጋይ ይሞታሉ፤ የአገሬው ሰው ግን አዝኖላቸው ይቀብራቸዋል፤ መቃብሩን የተጨነቁ ሴቶች መቃብር ብሎ ይሰይመዋል። ንጉሡን የደስታ ሁሉ ማብቂያ አድርጎ የማያቀርብ፣ ለበደለኛም መቃብር የሚሰጥ ቅጂ ነው። ስምንትና ዘጠኝ ዓመት ለሞላቸው ልጆች ጮክ ብሎ ለማንበብ ከዚህ የሚሻል አላውቅም። አንድ ማስጠንቀቂያ ብቻ፦ የጫማው ትንሽነት ከቻይና እግር የማሰር ልማድ ጋር ተያይዞ ሲተረጎም ይታያል፤ ተረቱ የተጻፈው ግን ያ ልማድ ከመስፋፋቱ በፊት ነው።

የኔፕልሱ ባዚሌ፦ ለአዋቂ ብቻ

ጃምባቲስታ ባዚሌ በኔፕልስ ቋንቋ የጻፈው የተረት ስብስብ የታተመው እሱ ከሞተ በኋላ፣ ከ1634 እስከ 1636 ባለው ጊዜ ነው። የእሱ ጀግና ዜዞላ ትባላለች፤ ንጹሕ ተበዳይ ሆና አትጀምርም። ክፉ የእንጀራ እናት አለቻት፤ ደግ የምትመስላት ሞግዚትም አለቻት። ሞግዚቷ መላ ትመታለች፦ የእንጀራ እናትሽን ከሣጥን ውስጥ አሮጌ ልብስ አውጪልኝ በያት፤ ጎንበስ ስትል ክዳኑን ልቀቂው። ዜዞላ ትለቀዋለች፤ የሴትዮዋ አንገት ይሰበራል። ከዚያ አባቷን ሞግዚቷን እንዲያገባ ትለምነዋለች። ሞግዚቷ ጥቂት ቀን ታቀማጥላትና እስከዚያ የደበቀቻቸውን ስድስት ሴት ልጆቿን ታወጣለች። ዜዞላ ከእልፍኝ ወደ ማድቤት ትወርዳለች።

ተከትሎ የሚመጣው ያማረ ነው። ከሰርዲኒያ የመጣላትን የተምር ችግኝ በወርቅ መቆፈሪያ ትተክላለች፣ በወርቅ ባልዲ ታጠጣለች፣ በሐር ጨርቅ ትወለውላለች፤ ዛፉም በአራት ቀን የሰው ቁመት ያክልና የምትፈልገውን ያለብሳታል። የንጉሡ አሽከር ሲከታተላት ገንዘብ በትና ታመልጠዋለች፤ በሌላ ጊዜ ዕንቁ ትበትናለች። ንግሥት ስትሆን ግድያው አይነሳም፤ ሞግዚቷም አትቀጣም። ቋንቋው በስድብና በቀልድ የተሞላ ነውና በደንብ የተተረጎመ ካልተገኘ ጣዕሙ ይጠፋል። ከባድ ጥያቄ ለሚወድ የንባብ ቡድን ግን ሁነኛ ምርጫ ነው፤ ከክፉ ሴት ለመዳን የገደለች ልጅ የባሰች ክፉ አገኘች፤ ታዲያ ማን ነው የሚታዘንለት?

የፔሮ ቅጂ፦ ለትንንሾች

ዱባው፣ አይጦቹ፣ እኩለ ሌሊቱና የመስታወቱ ጫማ በአንድነት የመጡት ከሻርል ፔሮ ነው። በ1697 ፓሪስ ላይ ሲያሳትመው ወደ ሰባ የሚጠጋ፣ በንጉሥ ሉዊ 14ኛ መንግሥት ለረጅም ጊዜ ያገለገለ ሰው ነበር። የ1950ው የዲዝኒ ፊልም የተመሠረተው በዚህ ላይ ስለሆነ ዓለም የሚያውቀው ይህን ነው።

ከአምስት ዓመት በታች ላለ ልጅ ይህን ምረጡ። ደም የለበትም፤ አስማቱም ግልጽ ነው። ብዙ ጊዜ የማይነገርለት አንድ ውበት ደግሞ አለው፦ ልጅቱ ዝም ብላ አትቀበልም። አስማተኛዋ የክርስትና እናቷ ሠረገላ ነጂ ከምን እንደምትሠራ ስታመነታ «ወጥመዱ ውስጥ አይጠ መጎጥ ይኖር እንደሆነ ልይ» የምትለው ሲንደሬላ ራሷ ናት። ሦስት ከሆኑት መካከል ጢሙ የረዘመው ይመረጣል። ከአበባ ማጠጫው ኋላ የተያዙ ስድስት እንሽላሊቶች አሽከሮች ይሆናሉ። በግብዣው ላይም ልዑሉ የሰጣትን ብርቱካንና ሎሚ ሳያውቋት ለእህቶቿ ታካፍላለች። መጨረሻ ላይ ከልቧ ይቅር ትላቸዋለች፤ ቤተ መንግሥት አስገብታ ለመኳንንት ትድራቸዋለች። ይህን ያህል ይቅርታ ያለበት ሌላ የታወቀ ጥንታዊ ቅጂ የለም።

የማልወድለት ነገር እርዳታው ከየት መጣ የሚለውን ሳይመልስ ማለፉ ነው። የክርስትና እናቲቱ እስከዚያ ሌሊት የት ነበረች? ልጅቱ ለዓመታት በአመድ ስትኖር አላየችም? የአምስት ዓመት ልጅ ይህን አይጠይቅም፤ የአሥር ዓመት ልጅ ይጠይቃል። ፔሮ ራሱ በመጨረሻ ከሚሰጣቸው ሁለት ምክሮች አንዱ ተሰጥዖም ብልህነትም ያለ ክርስትና አባት ወይም እናት ድጋፍ ከንቱ ናቸው የሚል ነው። የቤተ መንግሥት ሰው ንግግር ነው። በዘመናችን እትሞች ይህ ስለሚቀር ተረቱ ከጻፈው ሰው ይበልጥ የዋህ መስሎ ይቀርባል።

የግሪም ወንድማማቾች፦ እናት ለሞተባት ልጅ፣ በጥንቃቄ

የያዕቆብና የቪልሄልም ግሪም ቅጂ ለመጀመሪያ ጊዜ የወጣው በ1812 ነው፤ እዚህ የምተርከው ግን በኋለኞቹ እትሞች የተስፋፋውን ነው። ሰው ስለ እሱ ሲያወራ የሚያነሳው የተቆረጠውን ጣት ነው፤ ልቡ ግን ያለው መቃብሩ ላይ ነው። አባት ወደ ገበያ ሲሄድ ለሦስቱ ልጆች ምን እንዲያመጣ ይጠይቃል። ሁለቱ ልብስና ዕንቁ ይላሉ። የእሱ ልጅ ግን ስትመለስ ባርኔጣህን የሚነካውን የመጀመሪያ ቅርንጫፍ ስበርልኝ ትለዋለች። ያመጣላትን የሃዘል ቅርንጫፍ በእናቷ መቃብር ላይ ትተክለዋለች፤ በእንባዋ ታጠጣዋለች፤ ዛፍ ይሆናል። በቀን ሦስት ጊዜ እየሄደች ታለቅሳለች። ዛፉ ላይ የምታርፍ ነጭ ወፍ የለመነችውን ትጥልላታለች። እዚህ እርዳታው ከሰማይ ዱብ አላለም፤ ከሐዘኗ በቅሏል። እናቷን ላጣች ልጅ ከፔሮዋ ሴትዮ ይልቅ ይህ ዛፍ እንደሚቀርባት አምናለሁ።

ልጅቱም ሥራ አላት። የእንጀራ እናቷ አንድ ገበታ ምስር አመድ ውስጥ ደፍታ በሁለት ሰዓት ልቀሚ ትላታለች፤ ርግቦች መጥተው ይለቅሙላታል። ቃሏን አፍርሳ ሁለት ገበታ በአንድ ሰዓት ትላለች። እሱም ሲለቀም ከልብስሽ የተነሳ አትሄጂም ትላለች። የተሰጠውን ቃል እየደጋገሙ የሚያጥፉ አዋቂዎችን የሚያውቅ ልጅ ይህ ገጽ ይገባዋል። አባትየውም በሕይወት አለ፤ ያያል፣ ዝም ይላል። በፔሮ ዘንድም አባትየው አለ፤ እዚህ ግን ዝምታው ይበልጥ ይታያል። ልጅቱ ከልዑሉ የተሸሸገችበትን የርግብ ቤትና ፒር የተባለውን የፍሬ ዛፍ በመጥረቢያ የሚቆርጠውም እሱ ነው።

አሁን ደሙ። ልዑሉ በሦስተኛው ሌሊት ደረጃውን ዝፍት ያስቀባል፤ ግራ ጫማዋ ተጣብቆ ይቀራል። ትልቋ እህት ስትሞክረው አውራ ጣቷ አልገባ ይላል። እናቷ ቢላ ሰጥታ «ቁረጪው፤ ንግሥት ስትሆኚ በእግርሽ መሄድ አያስፈልግሽም» ትላታለች። ሁለተኛዋ ተረከዟን ትቆርጣለች። ሁለቱንም የሚያጋልጡት መቃብሩ ላይ የተቀመጡት ርግቦች ናቸው፤ ጫማው ውስጥ ደም አለ እያሉ ይጮኻሉ። በዚህ ትዕይንት በጣም የምታስፈራኝ እናትየዋ ናት፤ የገዛ ልጆቿን አካል ለሹመት ሰጥታለች።

ለመራጭ የሚጠቅመው ቁም ነገር ይህ ነው፦ በሠርጉ ዕለት ርግቦች የእህቶቹን ዓይን የሚያወጡበት መጨረሻ በ1812 እትም አልነበረም። የመጣው በ1819 ሁለተኛ እትም ነው፤ እስከ መጨረሻው የ1857 እትምም ቆይቷል። አብዛኞቹ ትርጉሞች የሚከተሉት የ1857ቱን ነው። ስለዚህ ዓይን ማውጣቱን ለልጅ ሲያነብ የሚዘል ወላጅ ተረቱን አበላሸሁ ብሎ መጨነቅ አይኖርበትም፤ ወደ መጀመሪያው እትም መመለሱ ነው። የጣቱንና የተረከዙን ግን ባይዘል እመርጣለሁ። እሱ ከተቆረጠ ርግቦቹ የሚናገሩት ያጣሉ።

ከቬትናም እስከ ሚክማክ

የቬትናሟ ታም ከዬ ሺየን ጋር ትዛመዳለች። የምትወደው ዓሣ ይበላባታል፤ አጥንቱ በማሰሮ ተደርጎ ከአልጋዋ እግሮች ሥር ይቀበራል፤ ጫማዋን ያገኘው ንጉሥ ያገባታል። ሌሎቹ የሚያበቁበት እዚህ ነው፤ ይህኛው ግን ገና ግማሽ መንገድ ላይ ነው። ታም ለአባቷ መታሰቢያ አሬካ ከተባለ ረጅም ዛፍ ላይ ስትወጣ የእንጀራ እናቷ ዛፉን ትቆርጠውና ልጅቱ ትሞታለች፤ ልጅዋ ካም በቦታዋ ንግሥት ሆና ትገባለች። ታም ወፍ ሆና ትመለሳለች፣ ትገደላለች። ዛፍ ትሆናለች፣ ትቆረጣለች። የሽመና ዕቃ ትሆናለች፣ ትቃጠላለች። በመጨረሻ ከፍሬ ውስጥ ወጥታ ከአንዲት አሮጊት ጋር ትኖራለች፤ ንጉሡም ቅጠል የምታጥፍበትን የእጇን ሙያ አይቶ ይለያታል። በታወቀው መጨረሻ ካም በፈላ ውኃ ትሞታለች፤ ሥጋዋም ለእናቷ ምግብ ሆኖ ይላካል። ይህ መጨረሻ ለትምህርት ቤት መጽሐፍ ይሁን አይሁን በቬትናም ራሱ አከራክሯል። ለአሥራ አምስት ዓመት ልጆች ውይይት እመርጠዋለሁ፤ ታም ማዳንን አትጠብቅም፣ በተገደለች ቁጥር በሌላ አካል ትመጣለች።

የኮሪያዋ ኮንግጁዊ ከዚህ ጋር ትቀራረባለች። ቀዳዳ ማሰሮ በውኃ እንድትሞላ ስትታዘዝ ቀዳዳውን በገላው የሚደፍንላት ጓጉንቸር ለትንንሽ ልጆች የሚበቃ ደስታ አለው፤ ከጋብቻው በኋላ ያለው ግን ከቬትናሙ ብዙም አይለዝብም።

በሰሜን አሜሪካ የሚክማክ ሕዝብ ዘንድ በ19ኛው ክፍለ ዘመን የተጻፈው ደግሞ ጫማን እንደ ማረጋገጫ አይጠቀምም። ለዓይን የማይታይ አዳኝ አለ፤ ሊያየው የቻለ ሰው ያገባዋል። እህቱ የሚመጡትን ልጃገረዶች የአዳኙ ማሰሪያ ከምን እንደተሠራ ትጠይቃለች፤ ሳያዩ አየን የሚሉት ቆዳ ነው ወይም ልጥ ነው ይላሉ። እህቶቿ በፍም ያቃጠሏት፣ የበርች ቅርፊት ለብሳ የአባቷን ሰፊ ጫማ የተጫማች ታናሽ ልጅ ግን ቀስተ ደመና ነው ትላለች። መልስዋ ትክክል ነው። ፈተናው ዓይንና እውነት ስለሆነ፣ ሴት ልጅ በልብስና በእግር መጠን መመረጧ የሚያሳስበው ወላጅ ይህን ያንብብ። ጠባሳዋ በመጨረሻ ታጥቦ መጥፋቱ ብቻ ቅር ይለኛል።

ለመድረክ የሚፈልግ

አስማት ለማሳየት አቅም የሌለው የቲያትር ቡድን ሮሲኒ በ1817 ሮም ላይ ያቀረበውን ኦፔራ አወቃቀር ይመልከት። አስማተኛዋ ቀርታ በቦታዋ ፈላስፋ ገብቷል፣ ጫማው በአምባር ተተክቷል፣ በዳዩም የእንጀራ አባት ሆኗል። ድሃ መድረክ የሚያሸንፈው ተረት ነው። ዳንስ ያለው ቡድን ከሆነ በ1945 ሞስኮ ላይ የታየው የፕሮኮፊየቭ ባሌ የፔሮን መንገድ ይከተላል፤ የእኩለ ሌሊቱ ሰዓት በሙዚቃ የሚደወልበት ክፍል ብቻውን ሊቀርብ ይችላል።

መጽሐፉን ከመግዛት በፊት

ሽፋኑን ትተው የመጨረሻዎቹን ሁለት ገጾች ያንብቡ። እህቶቹ ምን እንደሆኑ ጭራሽ ካልተነገረ መጽሐፉ ምናልባት ከአንዱ ቅጂ ላይ ቆርጦ፣ ከሌላው ላይ ቀጥሎ የተሠራ ነው። ቀጥለው ልጅቱ የግብዣ ልብስ የምታገኝበትን ገጽ ይፈልጉ፤ ዛፍ ነው፣ አጥንት ነው ወይስ የክርስትና እናት? በግሪም ስም የሚሸጥ መጽሐፍ ውስጥ ዱባ ከተገኘ ስሙና ይዘቱ አይገናኙም። የግብፁ ከሆነ ተራኪው የጨመረውን የሚገልጽ ማስታወሻ መኖሩን ይዩ፤ የቻይናው ከሆነ ንጉሡ መስገብገቡና አጥንቱ ዝም ማለቱ መቅረት አለመቅረቱን። ብዙ እትሞች ዬ ሺየንን ሠርጉ ላይ ያቆሟታል። እነዚያን ይተዉ።

ሁለት ቅጂ ጎን ለጎን ለማንበብ ጊዜ ያለው ሰው ፔሮንና ዬ ሺየንን ቢያጣምር ጥሩ ነው፤ መጀመሪያ የታወቀውን፣ በማግሥቱ ዓሣዋን። ግሪምና ፔሮ አንድ ላይ ሲነበቡ ግን ልጆች የትኛው ውስጥ ምን እንደነበር ይምታታባቸዋል፤ በመካከላቸው አንድ ሳምንት ቢያልፍ ይሻላል።